የዳሳሽ አራት ገመድ ያዥ

መቼ እንደሆነ በትክክል አላስታውስም። "በዚህ ዓመት፣ በዚህ ወር" ብዬ ብናገር ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን ውሃው ላይ ቀን የሚቆጠርበት ነገር አልነበረም። ፀሐይዋ አትወጣም፣ አትጠልቅም። ጉም ውስጥ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ቢጫ ሆና አንድ ቦታ ቆማ ትውላለች። የመርከቧ ምግብ ቤት ግድግዳ ላይ በአገሬ በጭሮ ሰዓት የሚሄድ አንድ ሰዓት ነበረን፤ በእሱ እንበላለን፣ በእሱ እንተኛለን፣ ሙስሊሞቹ በእሱ ይሰግዳሉ። እኔ የማውቀው፣ ያ ነገር የደረሰው ከቁርስ በኋላ መሆኑን ብቻ ነው።

በቅርቡ ዳሳሽ የሚባሉት መርከቦች በሙሉ ከሥራ ወጡ የሚል ወሬ ጭሮ ደረሰ። ከእንግዲህ ሰው አይወርድም፣ መሣሪያ ብቻውን ወርዶ ብቻውን ይወጣል ተባለ። የሰፈሬ ሰዎች "እሰይ፣ ጋሽ ታደሰ፣ ሰው ከዚያ ውሃ ተገላገለ" አሉኝ። እኔ ግን ወሬውን ስሰማ ቤቴ ገብቼ በሩን ዘጋሁ። ለማንም ያልተናገርኩት አንድ ነገር ነበረብኝ። መርከቦቹ ከቀሩ፣ ወረቀታቸውም ከተዘጋ፣ ከእንግዲህ ማንም ላይጠይቀኝ ነው። ይዤው ልሞት ነው ማለት ነው። ይኸ ከውሃው ይልቅ አስፈራኝ።

ከመነሻው ልናገር። ወደ ውሃው ከመሄዴ በፊት ጭሮ፣ ያኔ አሰበ ተፈሪ ስንላት፣ ጫት ጫኝ ነበርኩ። ትምህርቴ አራተኛ ክፍል ላይ ቀረ። ገመድ ግን አውቃለሁ። አይሱዙ ላይ የተቆለለ ጫት በሂርና መንገድ ጠመዝማዛ እንዳይንሸራተት አድርጎ ማሰር ቀላል እንዳይመስላችሁ፤ በጣም ካጠበቅከው ይጠወልጋል፣ ካላላኸው ገደል ይገባል። ቀጣሪዎቹ መጥተው "ገመድ የሚያውቅ" ሲሉ ስሜን ሰጠሁ። ያኔ በእኛ አገር "ዐረብ አገር ሄደ" እንደሚባለው "ውሃ ሄደ" ይባል ነበር። መንገዱን ተኝተን ነው ያለፍነው። ስንነቃ ሰማዩ ሌላ ነበር፤ ከዚህች ምድር ውጪ ሌላ ዓለም ላይ ነን። ደሞዙ ደህና ነው፤ አሁን የምኖርበትን ቤት ሠርቶልኛል፤ ከዚያ በላይ ስለ ገንዘብ የምለው የለኝም።

ባሕር አይቼ አላውቅም ነበር። ያየሁት ትልቅ ውሃ በክረምት የሚሞላ ወንዝ ነው፤ እሱም ዳር አለው። ያ ዓለም ግን ዳር የለውም። ድንጋይ የለም፣ አፈር የለም፣ ወፍ የለም። ከታችም መሬት ይኑር አይኑር ያየ የለም፤ ዳሳሾቹ የተሠሩት እሱን ለመፈለግ ነው። መርከቧ እንደ ገበቴ ሰፊና ዝርግ ናት። መሐሏ ላይ ክብ ቀዳዳ አለ፤ "ጉሮሮ" እንለዋለን። ሰው የተቀመጠበት የብረት ደወል በጉሮሮው በኩል በወፍራም ገመድ ይወርዳል። ሬዲዮ እዚያ ውሃ ውስጥ አይሠራም፤ ስለዚህ በገመዱ ውስጥ ቱቦ አለ፣ የወረደው ሰው ድምፅ በዚያ ይመጣል። ከላይ ሆኖ በዊንች፣ ገመድ በሚጠቀልል መዘውር፣ የሚያወርደውና የሚስበው ሰው ገመድ ያዥ ይባላል። እንግዲህ የወራጁ ነፍስ ያለችው በገመድ ያዡ እጅ ነው።

መጀመሪያ የተመደብኩት ዳሳሽ ሁለት ላይ ነበር፣ የመርከቧን ሆድ እንድፍቅ። አለቃዬ ሲናገር የሚጮህ፣ ሲቆጣ ደግሞ ዝም የሚል ሰው ነበር፤ ዝም ሲል ነው የምንሸሸው። ያ ውሃ ድምፅ እንደሚመልስ የተማርኩት እዚያ ነው። እንደ ገደል ማሚቶ እንዳይመስላችሁ። ገደል ማሚቶ ወዲያው ይመልሳል። ውሃው ግን የተናገርከውን ውጦ ያቆየዋል፤ ከሰዓታት በኋላ፣ አንዳንዴም ከቀናት በኋላ፣ በራስህ ድምፅ በቱቦው ይልከዋል። አንድ ጊዜ የዳሳሽ ሁለት ገመድ ያዥ "ሳበው!" የሚል ሰምቶ ሳበ። ያ "ሳበው" የትናንት ነበር። ወራጁ በዚያች ሰዓት ከደወሉ ወጥቶ ውጪ እየሠራ ነው። ክንዱ ተሰበረ፤ በሕይወት መትረፉ የእግዜር ሥራ ነው። ከዚያ ወዲህ ጉሮሮው አጠገብ ሳልፍ ፊቴን አዙሬ ነው የማልፈው።

ታዲያ ምን ይሉኛል፣ ገመድ ያውቃል ተብዬ ዳሳሽ አራት ላይ ረዳት ገመድ ያዥ አደረጉኝ። ዋናው ገመድ ያዥ ሙሜ የሚባሉ የሂርና ሰው ነበሩ፤ በኦሮምኛ አክብረን ኦቦ ሙሜ እንላቸዋለን። በመጀመሪያው ቀን "እጅህን አምጣ" አሉኝ። መዳፌን ዳበሱና ሳቁ።

"ይኸ እጅ ነው ጫማ? ጭነት ሲያስር የኖረ እጅ ደንቆሮ ነው፣ ልጄ።"

ከኪሳቸው ሻካራ ድንጋይ አወጡ። ከሂርና ወንዝ ያመጡት ነው። ፈረቃቸው ሲጀምር ቢስሚላህ ብለው የግራ መዳፋቸውን በእሱ ይፍቃሉ፣ ቆዳው እንዳይወፍር። ቀኝ እጃቸው ጓንት አጥልቆ ዊንቹን ይይዛል፤ ግራው ባዶውን ገመዱ ላይ ያርፋል። እኔም ወራት ፈቅሁ። ደማ፣ ዳነ፣ እንደገና ደማ። ከዚያ አንድ ቀን ገመዱ ተናገረኝ። ደወሉ ዝም ብሎ ሲንጠለጠል እንደተኛ ሕፃን ትንፋሽ ነው። ወራጁ ወጥቶ ሲመለስ ሁለት ጊዜ ከበድ ይላል፣ ሰው አልጋ ላይ ሲወጣ እንደሚሰማው። በጣም ሲጠልቅ ደግሞ አንዳንዴ ከታች የሆነ ነገር ቀስ አድርጎ ይይዘውና ይለቀዋል። ምን እንደሆነ አልታወቀም። ኦቦ ሙሜ ስም አይሰጡትም፤ ቅርንፉድ ከኪሳቸው አውጥተው ያኝካሉ። ቅርንፉዱን ሲያወጡ ሳይ ልቤ ትሸሻለች።

ሌላው ልማዳቸው ስማቸው ሲጠራ ነው። ሦስት ጊዜ ካልተጠሩ አቤት አይሉም። ይኸ የአገራችን ነገር ነው፤ እኔንም እናቴ "ወንዝ ዳር ሆነህ፣ ጫካ ውስጥ ሆነህ፣ የጠራህን ሳታይ ሦስቴ ሳይጠራህ አቤት እንዳትል፤ ሰው ያልሆነ ሦስተኛ አይጠራም" ብላ ነው ያሳደገችኝ። ኦቦ ሙሜ ግን ምግብ ቤት ውስጥም አይተዉትም።

"ኦቦ ሙሜ፣ ሾርባው ቀዘቀዘ!" ይላል ኢብሳ።

ዝም።

"ኦቦ ሙሜ!"

ዝም።

"ኦቦ ሙሜ፣ እንግዲያ እኔ ጠጣሁት!"

"አቤት! አንተ ሌባ፣ አስቀምጥ!"

ሰው ሁሉ ይስቃል።

ኢብሳ ወራጃችን ነበር፣ የገለምሶ ሰው፣ የኔ እኩያ። አብረን ነው የመጣነው። ረጅም ስለሆነ ደወሉ ውስጥ ጉልበቱን አገጩ ሥር አድርጎ ነው የሚቀመጠው። ስሜን አሳጥሮ በኦሮምኛ "ያ ታዴ" ይለኛል፣ "አንተ ታዴ" እንደማለት። ፈሪ መሆኔን ያውቃል፤ እያወቀ ይወርዳል። "ያ ታዴ፣ አንተ ከላይ ሆነህ ስለምትፈራልኝ እኔ ለምን እፈራለሁ?" ይለኝና በሩን በላዩ ይዘጋል።

ኦቦ ሙሜ ለገመድ ያዥ ያላቸው ሕግ ይኸ ነው፦ "ውሃው ሁለቴ ሊመልስ ይችላል፤ ሦስተኛ ሲመልስ አልሰማሁም። ስለዚህ ሦስተኛውን ጠብቅ። ስትጠብቅ ግን መዳፍህ ገመዱ ላይ ይሁን። ኢብሳ እውነት ከቸገረው ደወሉ ውስጥ ባለው የብረት መፍቻ ግድግዳውን ይመታል። ውሃ ድምፅ ይሰርቃል እንጂ ብረት አይመታም። መዳፍህ ምቱን ከሰማ፣ አንዴም ይጥራህ፣ ጭራሽ አይጥራህ፣ ሳብ።"

ይኸን ነግረውኝ ነግረውኝ ደክሟቸዋል። አልሰማሁም ማለት አልችልም።

ያን ቀን ኦቦ ሙሜ ትኩሳት ይዟቸው ተኝተዋል። ቁርስ በላን፣ ኢብሳ ገባ፣ ብቻዬን አወረድኩት። ጥልቀቱን የምናውቀው ገመዱ ላይ በየርቀቱ ባሰርነው ቀይ ጨርቅ ነው፤ ዐሥራ ሁለተኛው ጨርቅ ውሃ ውስጥ ሲገባ ፍሬን ያዝኩ። ትንፋሹ ደህና ነበር። ጉሙ ወለሉ ላይ ይሳባል። ጉሮሮው ውስጥ ያለው ውሃ ጥቁር ነው፣ ምንም አይንቀሳቀስም።

ከዚያ ገመዱ ተንቀጠቀጠ። እንደዚያ ሆኖ አያውቅም። ትንሽ፣ ፈጣን፣ አሁን የታረደ ፍየል ሥጋ እንደሚርገበገብ። በክንዴ ወጥቶ ጥርሴ ሥር ገባ። ያ ከታች የሚይዘው ነገር ገመዱን ትቶ እኔን የያዘኝ መሰለኝ። እጄን ነጥቄ አነሳሁ። ብርድ እንደያዘው ሰው ብብቴ ውስጥ ከተትኩት።

"ያ ታዴ!" አለ ቱቦው።

የኢብሳ ድምፅ ነው። ሦስቴ ነው ሕጉ አልኩ ለራሴ። እጄን ገመዱ ላይ ልመልስ ፈለግሁ፤ እምቢ አለኝ። የሌላ ሰው እጅ መሰለኝ።

"ያ ታዴ!"

ይኸኛው ከፍ ያለ ነበር። በስም አብ ብዬ ሦስተኛውን ጠበቅሁ። አሁን ይጠራኛል፣ ሲጠራኝ እስበዋለሁ፣ አሁን፣ አሁን። የመጣው የውሃ መንቆርቆር ነው። ዊንቹን የያዝኩት ከዚያ በኋላ ነው።

ደወሉ ሲወጣ ውሃ የሚከለክለው የበሩ ጎማ ተሰንጥቋል፣ ውስጡ ውሃ ሞልቷል። ኢብሳ ጉልበቱ አገጩ ሥር ነበር። መፍቻው እጁ ውስጥ ነበር። አጠገቡ ያለው ግድግዳ ላይ ቀለሙ ትኩስ ተልጦ ብረቱ አብረቅርቋል። ደወሉ አሮጌ ነው፣ ብዙ ቦታ የተላጠ ነው፤ ትኩሱን የሚለይ ከኔ ሌላ አልነበረም። ሰዎች ሳይደርሱ መፍቻውን ከጣቱ አላቅቄ ቦታው መለስኩት። ለምን እንዳደረግሁት ያኔ አላውቅም ነበር ብል ደስ ባለኝ። አውቅ ነበር።

ካፒቴናችን የድሬዳዋ ሰው ነው፣ ሥርዓት የሚያውቅ፣ ድምፁን የማያነሳ። ወረቀት ይዞ አጠገቤ ተቀመጠ።

"ስንት ጊዜ ጠራህ?"

"ሁለት።"

"ገመዱ ላይ ምን ተሰማህ?"

"ምንም።"

ጻፈው፤ ፈረምኩ። ጥፋቱ የጎማው ነው ተብሎ ተዘጋ። ብብት ውስጥ ያለ እጅ ምን ሊሰማው ይችላል? "ምንም" ባልኳት ቃል ሥር ተደብቄ ነው እስካሁን የኖርኩት።

መሬት የለምና ኢብሳን ለውሃው ሰጠነው። ሲሰገድ የሚዞሩበት አቅጣጫ፣ ቂብላ፣ ወዴት እንደሆነ የሚያውቅ አልነበረም። ኦቦ ሙሜ ከነትኩሳታቸው ተነስተው፣ የጭሮ ሰዓት ወደሚሄድበት ግድግዳ ዞረው ሰገዱለት። ሲጨርሱ ወደኔ መጡ።

"መዳፍህ ምንም ካልሰማ፣ ሳይመታ ቀርቷል ማለት ነው። ጊዜ አጥሮት። ሦስቴ ጠብቅ ያልኩህ እኔ ነኝ። እሱን የበላው የኔ ሕግ ነው።"

"ኦቦ፣ የእርስዎ ጥፋት አይደለም።"

"የማን ነው ታዲያ?"

አፌን ከፈትኩ። ካፒቴኑን አሰብኩ፣ የፈረምኩትን ወረቀት አሰብኩ፣ ገለምሶ ያሉትን ቤተሰቦቹን አሰብኩ። አፌን ዘጋሁ።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ኦቦ ሙሜ ሦስተኛ መጠበቅ ተዉ። አንዴ ሲጠሩ "አቤት!" ይላሉ፤ ሳይጠሩም "አቤት!" ይላሉ። ሾርባ እየጠጡ ቀና ብለው "አቤት፣ ኢብሳ!" ሲሉ የሚስቅ የለም። አንድ ፈረቃ ላይ ጉሮሮው ዳር አብረን ቆመን ሳለ "እሺ፣ መጣሁ" ብለው እግራቸውን ወደ ቀዳዳው አነሱ። ቀበቷቸውን ያዝኩ። ሁለታችንም ወለሉ ላይ ወደቅን። ታቅፌያቸው "ኦቦ፣ ኦቦ" እላለሁ። የሚያስፈራውን ልንገራችሁ። እኔም ሰምቼ ነበር። በቱቦው፣ በጣም ከሩቅ፣ "ያ ታዴ" ይላል። የተጠራሁት እኔ ነኝ፤ አቤት ያሉት እሳቸው ናቸው።

ወደ አገር መለሷቸው። ዋና ገመድ ያዥ እኔ ሆንኩ። ከዚያ በኋላ ስንት ሰው እንዳወረድኩ አላውቅም፤ ሁሉም በደህና ወጡ። እጄን አንዴም አላነሳሁም። ይኸን ማለቴ ለመመስገን አይደለም፤ አሁን የሚቻል ከሆነ ያኔም ይቻል ነበር ማለት ነው።

ጭሮ ስመለስ ኦቦ ሙሜ ሞተዋል። ሂርና ለለቅሶ አልሄድኩም። ሚስቴ ከጓሮ "ታደሰ!" ስትለኝ ላብ ያሰምጠኛል። ዝናብ በአሸንዳው ሲንቆረቆር ከቤት ወጥቼ ዝናብ ውስጥ እቆማለሁ። መናኸሪያው በኩል "ገለምሶ! ገለምሶ!" ሲባል ከሰማሁ መንገድ እቀይራለሁ። እንዲህ ሆኜ ስኖር ነው የመርከቦቹ ወሬ የመጣው።

በገለምሶ የገበያ ቀን ሄድኩ፣ ሕዝብ ስለሚበዛ ማንም አያየኝም ብዬ። የኢብሳን ቤት አላጣሁትም። ሚስቱ ግቢ ውስጥ በቆሎ ትፈለፍላለች። እንደኔው አርጅታለች። ስሜን ስነግራት ቀና አለች።

"ታዴ? ያ ፈሪው?"

"አዎ፣ አዴ" አልኳት፤ በኦሮምኛ እናቴ እንደማለት ነው።

"ማሻአላህ! ኢብሳ መልእክት በላከ ቁጥር ያነሳህ ነበር። 'ታዴ ፈሪ ነው፣ እጁ ግን አይፈራም' ይል ነበር። ተቀመጥ እንጂ፣ ምን ያስቆምሃል?"

በዚያች ሰዓት ተነስቼ ብሄድ ማንም አይከተለኝም ነበር። ተቀመጥኩ። ዓይኗን ሳላይ፣ በቆሎውን እያየሁ፣ ከቁርሱ ጀምሬ እስከ መፍቻው ነገርኳት። መጀመሪያ እየፈለፈለች ነው የሰማችኝ። በኋላ እጇ ቆመ።

"ስንቴ ነው የጠራህ?"

"ሁለቴ።"

"እጅህ የት ነበር?"

"ብብቴ ውስጥ።"

"ይኸን ለካፒቴኑ አልከው?"

"አላልኩም።"

"ለዚያ ለሙሜስ?"

"ለእሳቸውም አላልኩም። የገደልኩት እኔ ነኝ እያሉ ነው ያረፉት።"

ተነስታ ቤት ገባች። ከውስጥ የወንዶች ድምፅ ይሰማኛል፤ ልጆቿ ናቸው። የግቢውን በር አየሁ። በዚህ ዕድሜዬ ለመሮጥ አሰብኩ። ስትወጣ ብቻዋን ነበረች፤ ሻርፗን ጥላ፣ ጫማ አድርጋ።

"ሙሜ ልጅ አለው?"

"ሂርና ሴት ልጅ አለቻቸው፣ ሐሊማ የምትባል። ሱቅ አላት ሲሉ ሰምቻለሁ።"

"ቶሌ፣ እሺ። ተነስ።"

"ወዴት?"

"ሂርና ነዋ! መኪና ሳያልቅ።"

"አዴ፣ እኔ የመጣሁት ለእርስዎ ልናገር ነው እንጂ..."

"ለኔማ ተናገርክ። የኔ ሰው ሞቷል፣ አላህ ይዘንለት፤ እንዴት እንደሞተ አሁን አወቅሁ። ያ ሽማግሌ ግን ያልሠራውን ተሸክሞ ነው መቃብር የገባው። ተነስ አልኩህ።"

ገለምሶ መናኸሪያ ላይ መኪና ተሳፈርን። ጭሮ ላይ መኪና ስንቀይር ቤቴ ቅርብ ነው፤ እግሬ ወደዚያው ዘወር አለ።

"ሽንት ቤት ደርሼ ልምጣ" አልኳት።

"እሺ፤ በሩ ላይ ቆሜ እጠብቅሃለሁ" አለችኝ። ቆማም ጠበቀችኝ።

ሂርና ሐሊማን ሱቋ ውስጥ አገኘናት። ቁርጥ አባቷን ናት። ማን እንደሆንን ስነግራት ደስ አላት፣ "የአባቴ ጓደኛ!" ብላ ወንበር አወጣች። ያ ደስታዋ ይበልጥ አስፈራኝ። ስጀምር ምላሴ ዙሪያውን ይሄድ ጀመር፤ ጉሙ ወፍራም ነበር አልኩ፣ ጎማው አሮጌ ነበር አልኩ፣ አባትሽ ታመው ነበር አልኩ። የኢብሳ ሚስት ከጎኔ ሆና ድምፅዋን ሳታነሳ፣

"እጁን ንገራት" አለችኝ።

ነገርኳት። እጁንም፣ መፍቻውንም፣ "የማን ነው ታዲያ?" ሲሉኝ አፌን መዝጋቴንም።

ሐሊማ የያዘችውን ዕቃ አስቀመጠች። አንድ ሰው ሊገዛ መጥቶ ፊቷን አይቶ ተመለሰ።

"አባቴ ሲሞት የመጨረሻ ቃሉ 'አቤት' ነበር" አለች። "እኛ መልአክ የጠራው መስሎን ተጽናናን። ለካ ያልሠራው በደል ነው ሲያስጨንቀው የኖረው... ዛሬ ነው የሚነግሩን? ዛሬ?"

ከጎኔ ያለችው ናት የመለሰችላት።

"ዛሬ ነው፣ ልጄ። እኔም የሰማሁት ዛሬ ነው።"

ሐሊማ ዓይኗን ጠረገች። የሱቁን በር ገርበብ አደረገች። ይቅር አላለችኝም፤ እስከ ዛሬም አላለችኝም። ወንበሯን ወደኔ አቀረበችና፣

"እንደገና ይንገሩኝ" አለች። "ቀስ ብለው።"

አልችልም ልል ነበር። አጠገቤ ያለችው ሴት፣ በኔ እጅ ባሏን ያጣችው ሴት፣ አልተነሳችም፣ አላየችኝም፣ ተቀምጣ ጠበቀች። ለሐሊማ ሁለተኛ ጊዜ ስነግር አንድም ነገር አልዘለልኩም። እሷ ባትኖር መንገዱንም፣ ያችን ሰዓትም አላልፋቸውም ነበር። ስሟ አዴ ሞሚና ነው።